አንታርክቲካ ወደ ብርዱ አልሄደችም

ጥያቄ፦ «አንታርክቲካ ውስጥ የድንጋይ ከሰልና የዛፍ ቅሪተ አካል መገኘቱን አንብቤያለሁ። ታዲያ አህጉሯ ድሮ ሞቃት ቦታ ላይ ነበረችና ከሌሎቹ ተገንጥላ ወደ ዋልታው ስትሄድ ነው በበረዶ የተሸፈነችው? ሁሉ ነገር በረዶ ለብሶ ሳለ ይህንንስ እንዴት አወቁ? መገነጣጠሉስ አልቋል?»

መልስ፦ ጠያቂያችን፣ ግማሹን በትክክል ይዘውታል። ሌላው ግማሽ ግን ብዙ ሰው የሚሳሳትበት ነው።

አዎ፣ አንታርክቲካ ላይ ደን ነበር። አዎ፣ ከአፍሪካ፣ ከደቡብ አሜሪካ፣ ከህንድና ከአውስትራሊያ ጋር ተያይዛ አንድ ትልቅ አህጉር ነበረች። ነገር ግን ያ ደን ሲበቅልም ምድሪቱ የነበረችው እዚያው ዋልታው አካባቢ ነው። አንታርክቲካ ወደ ብርዱ አልሄደችም፤ ብርዱ ነው የመጣባት። የመጣባትም ጎረቤቶቿ አንድ በአንድ ጥለዋት ከሄዱ በኋላ ነው። ይህን እንዴት እንዳወቅን ከድንጋዮቹ ልጀምር። (ዓመተ ምሕረቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

በ1908 መጨረሻ የኧርነስት ሻክልተን ቡድን ቢርድሞር የተባለውን ግዙፍ የበረዶ ግግር ይዞ ወደ ደቡብ ዋልታ ይወጣ ነበር። በግግሩ ራስጌ ባለ ተራራ ላይ ከአባላቱ አንዱ፣ ፍራንክ ዋይልድ፣ የድንጋይ ከሰል አገኘ። ከሦስት ዓመት በኋላ የሮበርት ስኮት ቡድን በዚያው መንገድ አለፈ። ጃንዋሪ 17 ቀን 1912 ዋልታው ላይ ሲደርሱ ኖርዌያዊው ሮዋልድ አሙንድሰን ከወር በፊት ቀድሟቸዋል። ሲመለሱ ተርበዋል፣ በርዷቸዋል፣ ጉልበታቸው አልቋል። እንዲያም ሆኖ በፌብሩዋሪ መጀመሪያ ከሰሉ ያለበት ተራራ ሥር ቆሙ። ሐኪሙና የተፈጥሮ ተመራማሪው ኤድዋርድ ዊልሰን ከከሰሉ ንብርብር መሃል የቅጠል አሻራ ያለባቸው ድንጋዮች አገኘ። ሰብስበው ጋሪያቸው ላይ ጫኗቸው። 16 ኪሎ ግራም ያህል ይመዝናሉ። በኖቬምበር 1912 ፈላጊዎች ድንኳኑን ሲያገኙት ውስጡ የነበሩት ሦስት ሰዎች ሞተዋል። ድንጋዮቹ ግን አልተጣሉም ነበር።

ያን ሸክም ባይጎትቱ ይተርፉ ነበር የሚሉ አሉ። እኔ አይመስለኝም። የገደላቸው ረሃቡ፣ ብርዱና የነዳጅ እጥረቱ ነው። ከዚያ ጉዞ ለሳይንስ ከተረፈው ሁሉ ደግሞ እነዚያን ድንጋዮች የሚያህል የለም ብዬ አምናለሁ።

ቅጠሉን ጠጋ ብለው ይዩት። ቅርጹ የምላስ ነው። መሃሉ ላይ አንድ ወፍራም ሥር ከግርጌ እስከ ጫፍ ይሄዳል። ከዚያ ግራና ቀኝ ቀጫጭን ሥሮች ይወጡና እርስ በርስ ተያይዘው መረብ ይሠራሉ። ይህን ያየ የዕፅዋት ቅሪት ባለሙያ አይሳሳትም። በ1914 የካምብሪጁ አልበርት ሱዋርድ ግሎሶፕተሪስ ነው ብሎ አረጋገጠ። ግሎሶፕተሪስ ከ250 ሚሊዮን ዓመት በፊት የጠፋ የዛፍ ወገን ነው። በህንድ፣ በደቡብ አፍሪካ፣ በደቡብ አሜሪካና በአውስትራሊያ ድንጋዮች ውስጥ ቀድሞ ይታወቅ ነበር። ኦስትሪያዊው ኤድዋርድ ዙስ በ1885 «ጎንድዋና» ብሎ ለዚያ ጥንታዊ ምድር ስም ያወጣለትም ይህንኑ ተክል ይዞ ነው። ዙስ ግን በአህጉራቱ መካከል የነበረው መሬት ውቅያኖስ ውስጥ ሰጥሟል ብሎ ያምን ነበር። አህጉራት ይንቀሳቀሳሉ የሚለው ሐሳብ ገና አልመጣም።

ዘር በነፋስ ተሻግሮ ሊሆን ይችላል የሚል ተከራካሪ ሁልጊዜ ይኖራል። በዲሴምበር 1969 የኤድዊን ኮልበርት ቡድን ያንን ክርክር ዘጋው። እዚያው ተራሮች ውስጥ ኮልሳክ ብላፍ በተባለ ቦታ ሊስትሮሳውረስ የተባለ እንስሳ አጥንት አገኙ። አጭር እግር ያለው፣ ደንደን ያለ፣ ሁለት ክራንቻ ያወጣ የየብስ እንስሳ ነው። ደቡብ አፍሪካና ህንድም ውስጥ ቅሪቱ አለ። ይህ እንስሳ በሺህ ኪሎ ሜትር የሚቆጠር ውቅያኖስ ዋኝቶ አይሻገርም። በእግሩ ነው የሄደው።

አሁን ወደ ዋናው ነጥብ ልምጣ። እነዚያ ዛፎች የበቀሉት በየትኛው ኬክሮስ ነው? ቅልጥ አለት ሲቀዘቅዝ በውስጡ ያሉ ጥቃቅን የብረት ማዕድናት በዘመኑ ወደነበረው የመሬት መግነጢስ አቅጣጫ ዞረው ይቀራሉ። ከዚህ ተነስቶ ድንጋዩ ሲፈጠር ከዋልታው ምን ያህል ይርቅ እንደነበር ማስላት ይቻላል። ስሌቱ የሚያሳየን ያ ደን ያኔም ደቡብ ዋልታ ቅርብ መሆኑን ነው። የዛፎቹ ግንድም ይመሰክራል። በድንጋይነት የቀረውን ግንድ አግድም ቆርጠው በማጉያ መነጽር ቢያዩት ዓመታዊ ቀለበቶቹ ሰፋፊ ናቸው። በጋ ላይ ዛፉ ሌት ተቀን ፀሐይ እያገኘ በፍጥነት አድጓል ማለት ነው። በቀለበቱ ጫፍ ላይ ያለው የዕድገት መቀነሻ ክፍል ግን በጣም ጠባብ ነው። ጨለማው ሲመጣ ዕድገቱ በድንገት ቀጥ አለ። ሞቃት አገር ያለ ዛፍ እንዲህ አያድግም።

ከዚህም የሚያስደንቅ አለ። በ2017 ፖላርሽተርን የተባለችው የጀርመን የምርምር መርከብ ከምዕራብ አንታርክቲካ ዳርቻ፣ አሙንድሰን ባሕር ላይ፣ የባሕሩን ወለል ቆፍራ ናሙና አወጣች። ናሙናው ከ90 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት የነበረ አፈር ሆኖ ተገኘ። በኤክስሬይ ሲታይ ውስጡ እርስ በርስ የተጠላለፈ የዛፍ ሥር ነበረበት፤ የአበባ ብናኙም ሳይጠፋ። ያ ቦታ በዘመኑ 82 ዲግሪ ደቡብ ኬክሮስ አካባቢ ነበር። በዓመት ለአራት ወር ፀሐይ አትወጣበትም። ተመራማሪዎቹ አማካይ የዓመቱን ሙቀት 12 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ያህል አድርገው ገመቱት። ዋልታ ላይ ዝናባማ ደን ነበር ማለት ነው። አየሩ ውስጥ ያኔ የነበረው ካርቦን ዳይኦክሳይድ ከዛሬው እጅግ የበለጠ ካልሆነ በቀር ይህ ሊሆን አይችልም።

ታዲያ ምን ተለወጠ? ለዚህ አህጉር እንዴት እንደሚበጠስ ማወቅ ያስፈልጋል።

የአህጉር ቅርፊት በአማካይ ከ35 እስከ 40 ኪሎ ሜትር ይወፍራል። ከሁለት ወገን ሲጎተት ወዲያው አይሰበርም። እንደ ሊጥ መሃሉ ይሳሳል። ላይኛው ክፍል ቀዝቃዛና ደረቅ ስለሆነ ይሰነጠቃል፤ ትላልቅ የድንጋይ ብሎኮች ቁልቁል ይንሸራተቱና ስምጥ ሸለቆ ይፈጠራል። ታችኛው ክፍል ትኩስ ስለሆነ ይለጠጣል። ቅርፊቱ በሳሳ ቁጥር ከሥሩ ያለው ማንትል የተባለው ትኩስ የአለት ንብርብር ወደ ላይ ይወጣል። ሲወጣ የተጫነው ክብደት ይቀንስለታል። ያኔ ሙቀት ሳይጨመርበት መቅለጥ ይጀምራል። ይህን ነጥብ ተማሪዎች ለማመን ይቸገራሉ፤ ግን ለማቅለጥ የግድ ማሞቅ አያስፈልግም፤ ጫናን ማንሳትም ያቀልጣል። የቀለጠው አለት በስንጥቁ ሰርጎ ይወጣል። አንዳንዱ ምድር ላይ ይፈስሳል፤ ብዙው ግን መንገድ ላይ ይቀዘቅዝና ቅርፊቱ ውስጥ እንደ ግድግዳ ቆሞ ይቀራል። መጨረሻ ላይ የሚጎተተው አሮጌው ቅርፊት መሆኑ ቀርቶ በየጊዜው የሚወጣው አዲስ ባዛልት ይሆናል። ያን ቀን አህጉሩ ተበጥሶ ውቅያኖስ ተወልዷል።

ይህ በዓይን የሚታይበት ቦታ አፋር ነው። በሴፕቴምበር 2005 ዳባሁ አካባቢ ቅልጥ አለት ከሥር ገብቶ 60 ኪሎ ሜትር ርዝመት ያለው ስንጥቅ ከፈተ። በአንዳንድ ቦታ ምድሩ 8 ሜትር ያህል ተራራቀ። የወሰደው ጥቂት ሳምንት ነው። አህጉራት በዓመት በሚሊ ሜትርና በሴንቲ ሜትር ይራራቃሉ ሲባል በየቀኑ እኩል ይጓዛሉ ማለት እንዳልሆነ ከዚህ ይታያል። ለዘመናት ውጥረት ይከማችና በአንድ ጊዜ ይለቀቃል።

ጎንድዋናም እንዲህ ነው የተበጠሰችው። ከ183 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት በደቡብ አፍሪካና በአንታርክቲካ እጅግ ብዙ ቅልጥ አለት ወጣ። በአንታርክቲካ በኩል ያለው ዛሬ ፌራር ይባላል። ማክመርዶ ደረቅ ሸለቆዎች የተባለው በረዶ የሌለበት ቦታ ፎቶ ካጋጠመዎት ገደሎቹን ልብ ይበሉ። በነጣው የአሸዋ ድንጋይ መሃል ጥቁርና ወፍራም መስመር አግድም ተዘርግቶ ያያሉ። እሱ ዶለራይት ነው፤ በንብርብሩ መካከል ሰርጎ ገብቶ የቀዘቀዘ ቅልጥ አለት። አንዳንዱ በመቶ ሜትሮች ይወፍራል። የዚሁ ድንጋይ ወገን ታዝማኒያ ውስጥም ሞልቷል። ውቅያኖስ ከመካከላቸው ከመግባቱ በፊት አንድ አካል ነበሩ።

ከዚያ በኋላ መለያየቱ በየተራ ሆነ። አፍሪካ ከ160 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት መራቅ ጀመረች። ህንድ ከ130 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ተከተለች፤ በኋላም ወደ ሰሜን ገሰገሰች። አሁን ኒው ዚላንድ ያለችበት ቁራጭ ከ80 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ተለየ። አውስትራሊያ ዘገየች። ከ90 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ጀምራ በጣም በዝግታ ስትጎተት ቆየችና ከ45 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ወዲህ ፈጠነች። ደቡብ አሜሪካም እስከ መጨረሻው አካባቢ ተያይዛ ነበር። በ1982 ከአንታርክቲካ ልሳነ ምድር አጠገብ ባለችው ሲሞር ደሴት የተገኘው ቅሪት ይህን አጉልቶ ያሳያል። እንደ ካንጋሮ ልጃቸውን በከረጢት የሚያሳድጉ እንስሳት ወገን የሆነ ትንሽ አጥቢ መንጋጋ ነው። የዚህ ወገን እንስሳት ከደቡብ አሜሪካ ወደ አውስትራሊያ የተሻገሩት በአንታርክቲካ በኩል ነው ሲባል ለረጅም ጊዜ ተገምቶ ነበር። መንጋጋው ሲገኝ ግምቱ ማስረጃ አገኘ።

ከ34 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት በታዝማኒያና በአንታርክቲካ መካከል ጥልቅ የባሕር መተላለፊያ ተከፈተ። በሌላው ወገን በደቡብ አሜሪካ ጫፍ በኩል ድሬክ የተባለው መተላለፊያ ተከፈተ፤ መቼ በበቂ ጥልቀት እንደተከፈተ ባለሙያዎች ዛሬም ይከራከራሉ። ሁለቱ በሮች ሲከፈቱ የባሕር ውኃ አህጉሯን ያለ ከልካይ መዞር ቻለ። ይህ ጅረት ዛሬም አለ። የሚሸከመው ውኃ የዓለም ወንዞች በአንድነት ከሚያፈስሱት ከ100 እጥፍ ይበልጣል። ከሰሜን የሚመጣውን ሞቃት ውኃ ያግዳል።

ለብዙ ዓመት የአንታርክቲካ መቀዝቀዝ በዚህ ጅረት ብቻ ይገለጽ ነበር። እኔም በጥናት መጽሐፍ የተማርኩት ይህንኑ ነው። በ2003 ሮበርት ዲኮንቶና ዴቪድ ፖላርድ በኮምፒውተር ሞዴል ሲያዩት ግን ትልቁ ድርሻ የካርቦን ዳይኦክሳይድ መቀነስ ሆኖ ታያቸው። ጋዙ ከተወሰነ መጠን በታች ሲወርድ ከፍታ ቦታዎች ላይ የተጣለው በረዶ በበጋ ሳይቀልጥ ይከርማል። የከረመ በረዶ የፀሐይን ብርሃን ይመልሳል፤ ከፍታውም ይጨምራል፤ ከፍ ባለ ቁጥር ይበልጥ ይቀዘቅዛል። ከዚያ በኋላ የሚያቆመው የለም። ለእኔ የሚያሳምነኝ ይህ ነው፦ ጋዙ መቀነሱ ዋናው ምክንያት፣ የጎረቤቶቿ መራቅ ደግሞ ረዳቱ። ዋልታው ላይ መሆኗ ብቻውን ቢበቃ ኖሮ በ90 ሚሊዮን ዓመቱ ደን ፋንታ በረዶ ባገኘን ነበር።

ሁለተኛው ጥያቄዎ፣ በረዶ ለብሶ እንዴት አወቁት የሚለው፣ የሙያዬ ደስታ ያለበት ቦታ ነው። ከአንታርክቲካ ምድር ላይ ከበረዶ ነጻ ሆኖ ድንጋይ የሚታይበት ከመቶ አንድ እጅ አይሞላም። በረዶው በአማካይ 2 ኪሎ ሜትር ያህል ይወፍራል፤ ከ4 ኪሎ ሜትር ተኩል የሚያልፍበትም አለ። ድሮ የነበረው ዘዴ ፈንጂ ማፈንዳትና ድምፁ ከሥር ካለው አለት ተመልሶ እስኪመጣ መጠበቅ ነበር። በ1958 የሶቪየት ተመራማሪዎች በዚህ ዘዴ አህጉሯ መሃል ላይ ሲለኩ ሜዳ የጠበቁት ቦታ የተራራ ሰንሰለት ሆነ። ጋምቡርትሴቭ ተራሮች ይባላሉ። 3,000 ሜትር ያህል ከፍታ አላቸው፤ አንድም ጫፋቸው ከበረዶው ብቅ አይልም።

ዛሬ ዋናው መሣሪያ ራዳር ነው። ቀዝቃዛ በረዶ የራዲዮ ሞገድን ያሳልፋል። አውሮፕላን እየበረረ ሞገዱን ወደ ታች ይልካል፤ ሞገዱ በረዶው ውስጥ በሰከንድ 168 ሺህ ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዞ ድንጋዩን ይነካና ይመለሳል። በረዶው 3 ኪሎ ሜትር ከሆነ ደርሶ መልሱ ከአንድ ሰከንድ ሚሊዮን ክፋይ 36ቱን ብቻ ይወስዳል። ይህቺን ቅጽበት በትክክል መለካት ነው ሥራው። ከራዳሩ ጋር የስበት ኃይልና የመግነጢስ መለኪያ አብሮ ይበራል። ስበቱ ቅርፊቱ የት ወፍራም የት ስስ እንደሆነ ይናገራል፤ መግነጢሱ የድንጋዩን ዓይነት። በ2008 እና በ2009 የበርካታ አገሮች ተመራማሪዎች ጋምቡርትሴቭን እንዲህ አሰሱት። ያገኙት በሹል ጫፎችና በወንዝ የተቦረቦሩ ሸለቆዎች የተሞላ ምድር ነው። በረዶው ተራራውን አልፈጨውም፤ ሸፍኖ አቆየው።

ሌላም ዘዴ አለ፤ እኔ ከሁሉ የምወደው። ግግሩ ራሱ ናሙና ያመጣል። ወደ ባሕር ሲፈስስ ከሥሩ ያለውን ድንጋይ እየፋቀ፣ እየነቀለ ዳር ያደርሳል። በ2008 ታትሞ የወጣ አንድ ጥናት ኒምሮድ በተባለው ግግር አጠገብ ስለተገኘ የግራናይት ድንጋይ ይተርካል። ዕድሜው 1.44 ቢሊዮን ዓመት ሆነ። በዕድሜውም በኬሚካል ይዘቱም የሚመስለው ሰሜን አሜሪካን አቋርጦ የሚያልፍ የግራናይት ቀበቶ ነው። ጎንድዋና ገና ሳትፈጠር አንታርክቲካና ሰሜን አሜሪካ ጎረቤት ነበሩ የሚለው ሐሳብ በአንድ ድንጋይ ጉልበት አገኘ። አህጉራት አንድ ጊዜ ብቻ አይደለም የሚገናኙትም የሚለያዩትም።

ስለ ሰሜን ዋልታ አልጠየቁም፤ ግን አልፍሬድ ቬግነርን ሳላነሳ ማለፍ አልችልም። አህጉራት ይንቀሳቀሳሉ ብሎ በጃንዋሪ 1912 በአደባባይ የተናገረው እሱ ነው፤ የስኮት ሰዎች ወደ ደቡብ ዋልታ እየተቃረቡ በነበሩበት በዚያው ወር። ቬግነር የአየር ጠባይ ተመራማሪ ነበር፤ አራት ጊዜ ግሪንላንድ ዘምቷል። በተለያየ ዘመን የተለኩ ኬንትሮሶችን አነጻጽሮ ግሪንላንድ ከአውሮፓ በዓመት በርካታ ሜትር ትርቃለች አለ። ቁጥሩ ስህተት ነበር። የድሮዎቹ ልኬቶች የተወሰዱት ጨረቃን በማየት ስለሆነ ስህተታቸው ከሚለካው ነገር ይበልጥ ነበር። ትክክለኛው 2 ሴንቲ ሜትር ያህል ነው። ተቺዎቹ በቁጥሩ ተነስተው ሐሳቡን ጭምር ጣሉበት። ለምን እንደሚንቀሳቀሱ የሚያሳምን ምክንያት አለማቅረቡም ጎዳው። በኖቬምበር 1930፣ 50ኛ ዓመቱን በደፈነ ሰሞን፣ በግሪንላንድ በረዶ መሃል ላለው ጣቢያ ስንቅ ለማድረስ ሄዶ ሲመለስ ሞተ። የባሕር ወለል እየተዘረጋ መሆኑ በመግነጢስ ልኬት የታወቀው ከ30 ዓመት በላይ ቆይቶ በ1960ዎቹ ነው። ሰሜን ዋልታ ሥር ባለው ባሕር ውስጥም ጋኬል የተባለ የተራራ ሰንሰለት አለ፤ ወለሉ እዚያ በዓመት አንድ ሴንቲ ሜትር ያህል ይከፈታል። ከዓለም ሁሉ ዘገምተኛው ነው።

ወደ መጨረሻው ጥያቄዎ ልለፍ፤ መገነጣጠሉ አልቋል ወይ?

ከጎረቤቶቿ መለየቱ አልቋል። ግን አንታርክቲካ ራሷም ለሁለት ልትከፈል ሞክራ ነበር። በምሥራቁና በምዕራቡ መካከል ያለው ምድር ከ100 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ክፉኛ ተለጥጧል። ምሥራቁ ከ40 ኪሎ ሜትር በላይ የሚወፍር ቅርፊት ሲኖረው ምዕራቡ ላይ ከ20 እስከ 30 ኪሎ ሜትር ብቻ የሆነበት ሰፊ ቦታ አለ። ከዚያ መለጠጡ ደከመና ውቅያኖስ ሳይወልድ ቀረ። ሙሉ በሙሉ ግን አልሞተም። 3,794 ሜትር ከፍታ ያለው ኤረበስ ተራራ ዛሬም እሳተ ገሞራ ነው፤ ጉድጓዱ ውስጥ ቅልጥ አለት ይንተከተካል።

ይህ የተለጠጠ ምድር ዛሬ ለሁላችንም ጉዳይ የሆነው ዝቅተኛ ስለሆነ ነው። የምዕራብ አንታርክቲካ በረዶ አብዛኛው የተቀመጠው ከባሕር ጠለል በታች ባለ አለት ላይ ነው። ወደ መሃል በተገባ ቁጥር ደግሞ ወለሉ ይጠልቃል። ሞቃት የባሕር ውኃ ከዳር ሲገባ የሚያቆመው ዳገት የለም፤ ቁልቁለት ነው የሚያገኘው። ያ በረዶ ቢሄድ የዓለም ባሕር ከ3 ሜትር በላይ ይነሳል። በሌላ በኩል እዚያ ያለው ማንትል ትኩስና ልል ስለሆነ በረዶው ሲቀልል ምድሩ ቶሎ ቀና ይላል። በአሙንድሰን ባሕር ዳርቻ አለት ላይ የተተከሉ የጂፒኤስ መሣሪያዎች በዓመት እስከ 41 ሚሊ ሜትር መነሳት መዝግበዋል፤ ውጤቱ የታተመው በ2018 ነው። መነሳቱ በረዶውን ከሥሩ ደግፎ መሸሹን ያዘገየው ይሆን የሚለውን አሁን በሞዴል እየሠሩበት ነው። መልሱ የሚወሰነው በዋነኛነት ማንትሉ ምን ያህል ልል በመሆኑ ላይ ነው፤ ለዚህም የመሬት መንቀጥቀጥ መለኪያዎችን በረዶው ላይ ተክለው ሞገዱ ከሥር የሚያልፍበትን ፍጥነት ይከታተላሉ።